ሃዋይ ላይ ሁላ ለመማር፦ ነጻው፣ የሉአው፣ የሚከፈልበትና የሃላው ትምህርት ሲነጻጸሩ

ወደ ሃዋይ የሄደ ሰው ሁላ የተባለውን የደሴቶቹን ባህላዊ ዳንስ ሳይሞክር አይመለስም ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም። ራሱ ባይፈልግ እንኳ የሆቴሉ አስተናጋጅ ወይም አብራው የሄደች ልጁ እጁን ይዛ ከሰልፉ ታስገባዋለች። አስቸጋሪው መምረጡ ነው። ከነጻ ጀምሮ በአንድ ሰው 200 ዶላር እስከሚያልፈው ድረስ «የጀማሪ ሁላ ትምህርት» የሚል ስም የተለጠፈባቸው ብዙ ዓይነት አገልግሎቶች አሉ፤ የሚያስከፍሉትና የሚያስተምሩት ግን እምብዛም አይመጣጠንም። አቋሜን ከወዲሁ ልናገር፦ ከሁሉ ውዱ ምርጫ አብዛኛውን ጊዜ እራት ነው፤ ትምህርቱ ምርቃት ነው። እራቱን የሚፈልግ ይግዛው፤ ዳንሱን የሚፈልግ ግን ገንዘቡን ሌላ ቦታ ቢያውለው ይሻለዋል።

የመጀመሪያው ሰዓት ምን ይዟል?

ማነጻጸር የሚቻለው ጀማሪ በአንድ ሰዓት ውስጥ ምን ሊማር እንደሚችል ሲታወቅ ነው። መሠረቱ ካሆሎ የሚባለው እርምጃ ነው። ቀኝ እግር ወደ ጎን ይወጣል፣ ግራው ይከተለዋል፣ ቀኙ እንደገና ይወጣል፣ ግራው መጥቶ አጠገቡ መሬት ይነካል፤ አራት ምት። ከዚያ በግራ በኩል ይመለሳል። በወረቀት ላይ ሲነበብ የሕፃን ጨዋታ ይመስላል። ችግሩ ጉልበት ነው፦ ከመጀመሪያው ምት እስከ መጨረሻው ታጥፎ መቆየት አለበት፤ ጭንቅላትም ከፍ ዝቅ ሳይል በአንድ መስመር ይሄዳል። ዳሌው የሚወዛወዘው ጉልበቱ ስለታጠፈና የሰውነት ክብደት ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ስለሚዛወር እንጂ ሰውየው ሆን ብሎ ስለሚያወዛውዘው አይደለም። ጀማሪ ዳሌውን ለማወዛወዝ ሲታገል ካዩ፣ አስተማሪው ጉልበቱን አላየለትም ማለት ነው።

ትከሻ ደግሞ ጸጥ ይላል። እስክስታ እያየ ያደገ ሰው የሚቸገረው እዚህ ላይ ነው። የእኛ ሰውነት ምት ሲሰማ በመጀመሪያ የሚመልሰው በትከሻና በአንገት ነው፤ ሁላ ግን ከወገብ በላይ ያለውን ሥራ ለእጅና ለዓይን ሰጥቶ ትከሻን ያሳርፋል። ጎበዝ አስተማሪ ይህን ስታይ ከኋላ መጥታ ሁለት ጣቶቿን ትከሻ ላይ ጣል ታደርጋለች። አትጫንም፣ አትናገርም። ተማሪው ጣቶቹ እንዳይወርዱ ሲጠነቀቅ ትከሻው በራሱ ይረጋል። ይህን ለማድረግ ግን አስተማሪዋ ተማሪው ጋ መድረስ መቻል አለባት፤ ከመድረክ ላይ ሆና ለሁለት መቶ ሰው የምትጮህ ሴት ይህን ልታደርግ አትችልም።

ቀጥሎ እጅ ይመጣል። ጣቶች እየተርገበገቡ ከላይ ወደ ታች ሲወርዱ ዝናብ ነው፤ መዳፍ ወደ ታች ሆኖ ክንዶች በቀስታ ሲንሳፈፉ ባሕር፤ የጣት ጫፎች ተሰብስበው ወደ ላይ ሲከፈቱ አበባ፤ ሁለቱ እጆች ደረት ላይ ሲነባበሩ ፍቅር። ዓይን እጅን ይከተላል። እንቅስቃሴው ግጥሙን ተከትሎ የሚሄድ ስለሆነ ግጥሙ ካልተነገረ ተማሪው የሚያወናጭፈው ባዶ እጅ ብቻ ነው። ስለዚህ የትኛውንም ትምህርት ስመዝን የማየው ሁለት ነገር ነው፦ አስተማሪው እግሬን ያየዋል ወይ? ግጥሙስ ይነገረኛል ወይ? የቀረው፣ የባሕሩ ዕይታም ሆነ የአበባ ጉንጉኑ፣ ጌጥ ነው።

ዘርፉንም ማወቅ ይጠቅማል። ካሂኮ ጥንታዊው ሁላ ነው፤ በዝማሬ በሚወጣ ግጥም፣ በቅልና በከበሮ ይታጀባል። አውአና ደግሞ ሃዋይ ከውጭው ዓለም ጋር ከተገናኘች በኋላ የዳበረው፣ በኡኩሌሌና በጊታር የሚታጀበው ለስላሳው ነው። ኡኩሌሌ ራሱ በ1879 ከማዴይራ የመጡ ፖርቱጋላውያን ሠራተኞች ይዘውት ከመጡት ትንሽ ጊታር የተወለደ ነው። ለተጓዥ ጀማሪ የሚሰጠው ከሞላ ጎደል ሁልጊዜ አውአና ነው። ካሂኮ እማራለሁ ብሎ ለአንድ ሰዓት የሚመዘገብ ሰው ቢያዝን አይገርምም።

ነጻው ትምህርት

በኦዋሁ ደሴት፣ ሆኖሉሉ ከተማ፣ ዋይኪኪ ሠፈር ያረፈ ሰው ነጻ ትምህርት ለማግኘት ብዙ አይደክምም። በካላካዋ ጎዳና ላይ ያለው ሮያል ሃዋይያን ሴንተር የተባለው የገበያ ማዕከል ሁላን፣ ኡኩሌሌንና የአበባ ጉንጉን አሠራርን ጨምሮ የባህል ትምህርቶችን በነጻ ሲሰጥ ቆይቷል። ቀኑና ሰዓቱ ስለሚቀያየር ከመሄድ በፊት የማዕከሉን መርሐ ግብር ማየት ያስፈልጋል። ትልልቆቹ የባሕር ዳር ሆቴሎችም ለእንግዶቻቸው ጠዋት ጠዋት በሣር ሜዳ ላይ ተመሳሳይ ትምህርት ያዘጋጃሉ።

እዚህ ላይ «ነጻ» የሚለውን ነገር ጠበቅ አድርጎ ማየት ይገባል። ብዙዎቹ የዋይኪኪ ሆቴሎች ከክፍሉ ዋጋ ሌላ በየቀኑ የመዝናኛ አገልግሎት ክፍያ ይጨምራሉ። ይህ ክፍያ ብዙ ጊዜ በቀን ከ30 እስከ 50 ዶላር፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ሲሆን ለፎጣው፣ ለኢንተርኔቱና ለባህል ትምህርቶቹ ተብሎ ይወሰዳል። እንግዳው ቢሄድም ባይሄድም ከፍሎበታል ማለት ነው። እንዲህ ያለ ሆቴል ውስጥ እያደሩ ሌላ ቦታ ከፍሎ መማር፣ ቢያንስ የመጀመሪያውን ቀን፣ ትርጉም የለውም። ክፍሉን ሲረከቡ የሳምንቱን መርሐ ግብር ይጠይቁ፤ ካልጠየቁ የሚነግርዎት ላይኖር ይችላል።

ነጻው ትምህርት ጥሩ የሚሆነው አስተማሪው ጥሩ ሲሆን ነው። ይህ እንደ ቀልድ ይሰማ ይሆናል፤ ግን ልዩነቱ ሰፊ ነው። በአንዱ ቦታ ዕድሜዋን በሁላ ያሳለፈች አንጋፋ ሴት ግጥሙን መስመር በመስመር እየተረጎመች ታስተምራለች። በሌላው ቦታ ደግሞ ለዋና ገንዳው የተቀጠረ ወጣት ከድምፅ ማጉያ ጋር ቆሞ «ቀኝ፣ ግራ» ይላል። ሁለቱም በነጻ ናቸው። በሩቁ ቆሞ አምስት ደቂቃ ማየት ይበቃል፦ አስተማሪው በሰልፉ መካከል ይመላለሳል ወይስ አንድ ቦታ ተተክሏል? ዘፈኑ ስለ ምን እንደሆነ ተናገረ ወይስ በቀጥታ ሙዚቃ ከፈተ?

ድክመቱ ግልጽ ነው። የሰው ብዛት አይገደብም፤ በቱሪስት ወቅት ሰልፉ ይረዝማል፣ የኋላዎቹ የሚያዩት የፊተኞቹን ጀርባ ነው። ስለዚህ ቀድሞ ደርሶ ፊት መቆም ያስፈልጋል። በተለይ እንግሊዝኛ የማይችሉ ወላጆችን ከኢትዮጵያ አስመጥቶ ለዕረፍት የወሰደ ሰው ይህን አይርሳ፤ ከፊት ሆኖ እጅና እግር የሚያይ ሰው ቋንቋ ብዙ አያስቸግረውም። ከጃፓን የሚመጡ ተማሪዎች በዋይኪኪ ብዙ ናቸው፤ ብዙዎቹም የሚማሩት በዓይናቸው ነው። ትምህርቱ ደጅ ከሆነ ዝናብ ሊያስቀረው፣ የቀትር ፀሐይም ሊያቃጥል ይችላል። ዛሬ የተማሩትን ነገ የሚቀጥል አስተማሪም ላይኖር ይችላል፤ የነገው ጀማሪ ሌላ ስለሆነ ትምህርቱ እንደገና ከካሆሎ ይነሣል። ይህ ግን ለጀማሪ ጉዳት የለውም። እንዲያውም ያንኑ የነጻ ትምህርት ደጋግሞ የወሰደ ሰው አንድ ጊዜ ብዙ ገንዘብ ከከፈለው ይልቅ እግሩ ይስተካከላል።

የሉአው እራትና ትምህርቱ

ሉአው የሃዋይ ድግስ ነው፤ ዛሬ ለቱሪስት የሚሸጠው ደግሞ እራት፣ መጠጥና የመድረክ ትርዒት አንድ ላይ የተጠቀለሉበት የግማሽ ቀን ዝግጅት ነው። ዋጋው ለአዋቂ አብዛኛውን ጊዜ ከ100 ዶላር በላይ ሲሆን ጥሩ መቀመጫና መጓጓዣ ሲጨመርበት ከ200 ዶላርም ያልፋል። በማስታወቂያው ላይ ከተዘረዘሩት ነገሮች መካከል «የሁላ ትምህርት» አይጠፋም። ነገሩ ሲታይ ግን ትምህርቱ እንግዶች እራት እስኪቀርብ ሲጠብቁ የሚሞላበት አጭር ጊዜ ነው። ሩብ ሰዓት ያህል ካሆሎና ሁለት ሦስት የእጅ ምልክት፣ ከዚያ ሁሉም እየሳቀ ፎቶ ይነሣና ወደ ጠረጴዛው ይመለሳል። እግር የሚያይ የለም። አልወቅሳቸውም፤ ሰዎቹ የሚሸጡት ምሽት እንጂ ትምህርት አይደለም።

ለኢትዮጵያውያን አንባቢዎች ደግሞ ማስታወቂያው ጎልቶ የማይነግራቸው ሌላ ጉዳይ አለ፤ ምግቡ። የሉአው ዋና ሥርዓት ኢሙ ከሚባለው የምድር ጉድጓድ ውስጥ በጋለ ድንጋይ ሲበስል የዋለውን አሳማ ማውጣት ነው። እንግዳው ተሰብስቦ ቅጠሉና አፈሩ ሲገለጥ ያያል። ላውላው የሚባለው በታሮ (በጎደሬ) ቅጠል የተጠቀለለ ምግብም አብዛኛውን ጊዜ የአሳማ ሥጋ አለበት። ኦርቶዶክሱም፣ ሙስሊሙም፣ ቤተ እስራኤሉም የድግሱን ዋና ነገር ሳይነካ ሙሉ ዋጋ ይከፍላል ማለት ነው። ዶሮና ዓሣ ብዙ ጊዜ አብሮ ይቀርባል። ረቡዕ ወይም ዓርብ የሚጾም ሰው ደግሞ ከታሮ ሥር ተቀጥቅጦ የሚሠራው ፖይ፣ ስኳር ድንችና ሩዝ፣ ከኮኮናት ወተት የሚሠራው ሃውፒያ ይቀሩለታል። ፖይን ለመጀመሪያ ጊዜ የሚቀምስ ሰው ፊቱን ማጨማደዱ የተለመደ ነው፤ ጎምዘዝ ያለውን እርሾ ለሚያውቅ፣ እንጀራ እየበላ ላደገ ሰው ግን ያን ያህል እንግዳ አይሆንበትም። ትኬቱን ከመቁረጥ በፊት የጾም ምግብ እንዲያዘጋጁ መጠየቅ ይቻላል፤ «ከእንስሳት የሚገኝ ምንም ነገር የሌለበት» ማለት «ጾም ነኝ» ከማለት ይልቅ ያግባባል።

ሌላው ግራ የሚያጋባ ነገር ትርዒቱ ነው። ብዙ ሉአው ከሃዋይ ሁላ ጋር የታሂቲን የፈጣን ዳሌ ውዝዋዜና የሳሞአን የእሳት ቢላ ጨዋታ አቀላቅሎ ያቀርባል። ተመልካቹ የሚደነቅበትና እንደ ሁላ የሚያስታውሰው ከበሮው የተጋጋለበት ክፍል ብዙ ጊዜ የታሂቲ ነው። የሣር ቀሚሱም ቢሆን ከሌሎች የፓሲፊክ ደሴቶች በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ የመጣ እንጂ ጥንታዊው የሃዋይ ልብስ አይደለም። ማስታወቂያው ላይ የኮኮናት ቅርፊት የለበሱ ሴቶች በፍጥነት ሲወዛወዙ ካዩ፣ የሁላ ትምህርት ቤት እየተመለከቱ አለመሆኑን ይወቁት።

ከዚህ ወገን ለየት የሚለው ከዋይኪኪ በመኪና አንድ ሰዓት ገደማ ርቆ ላይኤ ከተማ የሚገኘው የፖሊኔዥያ የባህል ማዕከል ነው። በ1963 የተከፈተው ይህ ማዕከል ለየደሴቱ ሕዝብ የተለየ መንደር አለው፤ የሃዋይን ከታሂቲና ከሳሞአ ለይቶ ማየት የሚፈልግ ሰው ልዩነቱን በዓይኑ ያገኘዋል። በሃዋይ መንደር ውስጥ ሁላ መሞከርም ይቻላል። እሑድ ዝግ ነው። ልጆች ላሏቸው ቤተሰቦች ቀኑን ሙሉ የሚያውል ቦታ ነው፤ ለዳንሱ ብቻ ብሎ የሚሄድ ግን መንገዱም ዋጋውም ይከብደዋል።

አንድ ማስጠንቀቂያ እዚህ ልጨምር። በዋይኪኪ መንገዶች ዳር የሉአው ትኬት በግማሽ ዋጋ የሚሰጡ ሰዎች አሉ። ርካሽ የሚሆነው ገዢው የዕረፍት ቤት ድርሻ (ታይምሼር) ሽያጭ ንግግር ላይ እንዲገኝ ስለሚገደድ ነው። ንግግሩ የዕረፍትን ጠዋት ይበላል፤ ሻጮቹም በቀላሉ አይለቁም። ቅናሹ በምን ሁኔታ እንደሚሰጥ ሳይጠይቁ እጅዎን አይዘርጉ።

የሚከፈልበት የቡድንና የግል ትምህርት

እውነተኛው ውድድር በዚህና በነጻው መካከል ነው። እዚህ የሚከፈለው ለአንድ ወይም ለሁለት ሰዓት የአስተማሪ ዓይን ነው። ቡድኑ አነስተኛ ከሆነ አስተማሪዋ እያንዳንዱን ሰው በስሙ ትጠራለች፣ ጉልበቱ ሲቃና ታየዋለች፣ ከእርምጃ አልፋ አንድ ዘፈን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ታስጨርሳለች። ለጀማሪ አንድ ሙሉ ዘፈን ትልቅ ነገር ነው፤ ቤቱ ተመልሶ የሚያሳየው አንድ ነገር ይኖረዋል።

ከካሆሎ ሌላ ሄላ፣ አሚና ኡዌሄ የሚባሉት እንቅስቃሴዎች የሚጀመሩትም እዚህ ነው። ሄላ ላይ አንድ እግር ወደ ፊት በሰያፍ ተዘርግቶ ይነካና ይመለሳል። አሚ ዳሌ በዝግታ የሚዞርበት ነው። ኡዌሄ ላይ ሁለቱ ተረከዞች ሲነሡ ጉልበቶች ወደ ውጭ ብልጭ ይላሉ፤ ጀማሪዎች አንደኛ የሚያለቅሱበት እሱ ነው። አንዳንድ አስተማሪዎች መሣሪያም ያሳያሉ። ሁለት ቅሎች አንገት ለአንገት ተጣብቀው የሚሠሩት ኢፑ ሄኬ ምንጣፍ ላይ ሲመታ «ኡ» የሚል ወፍራም ድምፅ ይሰጣል፤ ጎኑ በጣቶች ሲመታ ደግሞ «ቴ» ይላል። ኡ ቴ፣ ኡ ቴ ቴ። ይህን ምት ለሩብ ሰዓት ብቻ በእጁ የያዘ ሰው ከዚያ በኋላ የሚያየው የሁላ ትርዒት ሁሉ ይለወጥበታል፤ ዳንሰኞቹ ምን እየጠበቁ እንደሚያርፉ ይገባዋል።

የግል ትምህርት ዋጋው በሰዓት ወይም በሰው ስለሚተመን ከአራት አምስት ሰው ጋር ሆኖ መከራየት ለእያንዳንዱ ያቀለዋል። የቤተሰብ ጉዞ፣ የሙሽሮች ጓደኞች፣ ከማኅበር አብረው የሄዱ ሴቶች ቢሆኑ ይህንኑ እመክራቸዋለሁ። ጉልበቷን የሚያማት እናት ካለች ቀድሞ መናገር ነው፤ ተቀምጠው የሚጫወቱት የሁላ ዓይነት አለ፤ በእጅ ሁለት ሁለት ለስላሳ ጠጠር ይዞ እያጋጩ ወይም የተሰነጠቀ ቀርከሃ ይዞ እየመቱ የሚዘመርበት። ይህ ለሽማግሌ ተብሎ የተፈጠረ ማቃለያ ሳይሆን ራሱን የቻለ ጥንታዊ ዘርፍ ነው።

ወንዶችም እዚህ ይቀላቀሉ። ሁላ የሴቶች ነገር ነው ብሎ ወንበር ላይ የሚቀር ባል በየቡድኑ አይጠፋም። የሃዋይ ወንዶች ካሂኮ ሲጫወቱ መሬቱ ይንቀጠቀጣል፤ በሂሎ ከተማ በየዓመቱ በሚደረገው የሜሪ ሞናርክ ውድድር ወንዶች የራሳቸው ምድብ አላቸው።

ገንዘብ ከመክፈል በፊት አስተማሪውን ማን እንዳስተማረው መጠየቅ ነውር አይደለም። በሁላ ዓለም የአስተማሪ ሐረግ እንደ ዘር ሐረግ ይቆጠራል፤ እውነተኛው አስተማሪ ይህን ሲጠየቅ ደስ ብሎት የመምህሩን፣ የመምህሩንም መምህር ስም ይጠራል። ጥያቄውን የሚሸሽ ሰው ምናልባት ጥሩ ዳንሰኛ ይሆናል፤ ገንዘብ ከሚያስከፍል አስተማሪ ግን የተሻለ መጠበቅ መብትዎ ነው። የተማሪው ብዛት ጣሪያ፣ ቪዲዮ መቅረጽ መፈቀዱ፣ ዝናብ ቢዘንብ ገንዘቡ መመለሱም መጠየቅ አለበት። በአማላጅ ድርጅት ድረ ገጽ በኩል ከመመዝገብ ይልቅ በቀጥታ አስተማሪው ጋ መመዝገብ የሚቻል ከሆነ የኮሚሽኑ ገንዘብ ለሚያስተምረው ይተርፋል።

ሃላው

ሃላው የሁላ ትምህርት ቤት ነው፤ መሪው ኩሙ ሁላ ይባላል። በየሳምንቱ የሚገናኙ፣ ወርሃዊ መዋጮ የሚከፍሉ፣ ለዓመታት አብረው የሚቆዩ ተማሪዎች ያሉበት ቤት ነው። ጫማ በር ላይ ይወልቃል፤ በአንዳንዶቹ ተማሪዎች ወደ ውስጥ ለመግባት በዝማሬ ፈቃድ ይጠይቃሉ፣ ኩሙውም በዝማሬ ይመልሳል። መሣሪያ ተሻግሮ ማለፍ፣ ሳይፈቀድ መቅረጽ፣ የተማሩትን ዘፈን ያለ ኩሙው ፈቃድ አደባባይ ማቅረብ ያስቆጣል። ለአንድ ሳምንት የመጣ እንግዳ እዚህ ሊገባ የሚችለው ሃላው ለጀማሪዎች ክፍት ክፍል ካለው ብቻ ነው። ያላቸው አሉ፤ በኢሜይል ቀድሞ መጠየቅና «ለአንድ ጊዜ ነው የምመጣው» ብሎ በግልጽ መናገር ያስከብራል። ዋጋው ከቱሪስት ትምህርት አነስ ሊል ይችላል፤ ጥብቅነቱ ግን አይነጻጸርም።

ይህ ጥብቅነት ከየት እንደመጣ ማወቅ ቅሬታን ያስቀራል። ከኒው ኢንግላንድ የመጡ ሚሲዮናውያን በ1820 ሃዋይ ከደረሱ በኋላ ሁላ እንደ ኃጢአት ተቆጠረ፤ በ1830 ንግሥት ካአሁማኑ በአደባባይ እንዳይታይ ከለከለች። ትምህርቱ በየቤቱ፣ በየመንደሩ ተደብቆ ከመምህር ወደ ተማሪ ተላለፈ። ከ1874 እስከ 1891 የነገሠው ንጉሥ ካላካዋ በ1883 የዘውድ በዓሉ ላይ ሁላን ወደ አደባባይ መለሰው። ዋይኪኪ ላይ የገበያ ማዕከሉ የቆመበት ጎዳና የተሰየመው በእሱ ስም ነው፤ የሂሎው ውድድርም የተጠራው በእሱ ቅጽል ስም ነው።

ከሃይማኖት አንጻር የሚያመነታ ሰውም ይኖራል፤ ጥያቄውም ተገቢ ነው። ካሂኮ ውስጥ አለቆችንና የጥንት አማልክትን የሚያወድሱ ዝማሬዎች አሉ፤ በአንዳንድ ሃላው ትምህርቱ በጸሎት መሰል ዝማሬ ይከፈታል። የአውአና ዘፈኖች ግን በአብዛኛው ስለ ቦታ፣ ስለ ፍቅር፣ ስለ አበባና ስለ ዝናብ ናቸው። በሃዋይ አብያተ ክርስቲያናት የመዝሙር ሁላ የሚጫወቱ ምእመናንም አሉ። ሕሊናው የሚከለክለው ሰው በነጻውና በሚከፈልበት የአውአና ትምህርት ብቻ ቢወሰን እምብዛም አይቸገርም፤ ዘፈኑ ስለ ምን እንደሆነ አስቀድሞ ቢጠይቅ ደግሞ ይበልጥ ልቡ ይረጋል።

ለማን የትኛው?

ሦስት አራት ቀን ብቻ ያለው፣ ወይም ልጆች ይዞ የሄደ ሰው ነጻውን ይያዝ፤ ከቻለ ደጋግሞ ይሂድ። ምሽት ላይ በዋይኪኪ ባሕር ዳር ኩሂዮ ቢች የሚደረገውን ነጻ የሁላ ትርዒት፣ ያለበትን ቀን አጣርቶ፣ ቢያይ ጠዋት የተማረውን እርምጃ መድረክ ላይ ያገኘዋል። ሳምንት ያለውና ለዳንሱ የሚጓጓ ሰው መጀመሪያ ነጻውን ወስዶ ቢወደው ከዚያ አንድ የግል ወይም የአነስተኛ ቡድን ትምህርት ይጨምር፤ በዚህ ቅደም ተከተል መሄዱ የተከፈለበት ሰዓት በካሆሎ እንዳያልቅ ያደርጋል። ሉአውን የሚገዛ ምሽቱን ብሎ ይግዛ። ሃላው ወር እና ከዚያ በላይ ለሚቆይ፣ ወይም እዚያው ለሚኖር ነው።

አሜሪካ ለሚኖር አንባቢ ደግሞ ብዙ ሰው የማያስበው አምስተኛ መንገድ አለ፤ ከመሄድ በፊት መጀመር። የሃዋይ ተወላጆች በብዛት የሚኖሩባቸው ከተሞች፣ ማለትም ላስ ቬጋስ፣ ሎስ አንጀለስና ሲያትል፣ የእኛም ሰዎች የተሰባሰቡባቸው ናቸው። ላስ ቬጋስን ሃዋያውያን ራሳቸው «ዘጠነኛዋ ደሴት» ይሏታል። በእነዚህ ከተሞች ሃላው አለ፤ ለጀማሪ በየሳምንቱ የሚሰጥ ትምህርትም አለ። ሁለት ወር ተምሮ የሚሄድ ሰው ሃዋይ ላይ የሚያገኘው ነገር ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። ከኢንተርኔት ቪዲዮ የሚጀምረው ደግሞ እግሩን የሚያይለት ስለሌለው በመስታወት ፊት ቢያደርገው ጥሩ ነው።

ልብስን በተመለከተ ማንም ሰው የሣር ቀሚስ መግዛት አያስፈልገውም። በልምምድ ላይ የሚለበሰው ፓኡ የተባለው ወገቡ በላስቲክ የተሸበሸበ ሰፊ የጥጥ ጉርድ ሲሆን አንዳንድ አስተማሪዎች ያውሱታል። ከሌለ ወገብ ላይ የታሰረ ነጠላ ሥራውን በደንብ ይሠራል፤ የዳሌው እንቅስቃሴ ለአስተማሪውም ለተማሪውም እንዲታይ ያደርጋል። እግር ባዶ ነው።

የጊዜ ነገር ይቀራል። የሜሪ ሞናርክ ውድድር የሚደረገው ከምዕራባውያኑ ፋሲካ ጋር ተያይዞ በሚመጣው ሳምንት ነው። በዚያ ሰሞን በሂሎ ማረፊያ ማግኘት ከባድ ነው፤ ከዚያ በፊት ባሉት ወራት ደግሞ ተወዳዳሪ ሃላዎች በልምምድ ስለሚጠመዱ እንግዳ ለመቀበል ጊዜ ያጥራቸዋል። የእኛ ፋሲካ ብዙ ጊዜ ዘግይቶ ስለሚውል ውድድሩ በዐቢይ ጾም ውስጥ ይወድቃል። በ2026 ለምሳሌ የእነሱ ፋሲካ ኤፕሪል 5፣ የእኛ ኤፕሪል 12 ነው፤ የሂሎው ሳምንት ከሰሞነ ሕማማት ጋር ይገጥማል። በ2027 ደግሞ የእነሱ ማርች 28፣ የእኛ ሜይ 2 ስለሆነ ጾሙ መካከል ላይ ያርፋል። ለሚጾም ሰው እንግዲህ ጉዞውን ከሜይ አጋማሽ በኋላ ቢያደርገው አስተማሪዎቹም ፋታ ያገኛሉ፤ ማረፊያም እንደ ውድድሩ ሰሞን አያስቸግርም።